ያልተሾመ ሰው ምን ጐደለበት?

ከባሕር ዳር ወደ ጐንደር በሚወስደው መንገድ ላይ ባለችው በሐሙሲት፤ እህል ገዢ ዋጋው ባይስማማው ትቶ ይሄዳል፤ ሚዛኑ ቢጓደል ግን ዳኛ ይጠራል። እህሉ ገና የርሱ አይደለም፤ እውነተኛ ሚዛን ግን አስቀድሞ ይገባዋል።

ለመንግሥት ሥራ ተወዳድሮ የቀረውን ሰው «ያልያዝኸውን ወንበር በምን ትከሳለህ?» የሚሉት አሉ። ዳሩ ግን የሚጠይቀው በትክክል መመዘኑን ነው እንጂ ወንበሩን አይደለም። የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1064/2010 ሥራ ፈላጊን በብሔር፤ በጾታ፤ በሃይማኖት መለየትን ይከለክል ነበር። አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ደግሞ የፌዴራል መሥሪያ ቤቶች ውሳኔ በፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት የሚከለስበትን መንገድ ከፍቷል። የክልል መሥሪያ ቤቶች በየሕጋቸው ቢተዳደሩም፤ በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባን ጉዳይ ወደ ዳኛ የማቅረብን መብት ለሁሉ ሰጥቷል።

ዳኛ ራሱ ሿሚ ቢሆን የሌላውን ሥራ ይነጥቃል፤ ጨርሶ ባይመረምር ደግሞ ሚዛኑ ለያዘው ሰው ፈቃድ ይቀራል። ስለዚህ ድርሻው መምረጥ ሳይሆን አመራረጡን መመርመር ነው። በእውነት ተመዝኖ የቀረ ሰው ይታገሣል፤ የተሰወረ ሚዛን ግን የቀረውን ይበድላል፤ በችሎታው የገባውንም ያሳማል።