ስለ ሰው ሠራሽ ባልንጀራ

ሕፃን ልጅ ከእራፊ ጨርቅ አሻንጉሊት ሰፍታ እንደምታዝል፥ በዘመናችን ዐዋቂውም ሰው ብቸኝነት ሲከብደው ከብረትና ከኤሌክትሪክ ባልንጀራ ያበጅ ጀምሯል።

በአውሮጳውያን አቆጣጠር በ1999 ዓ.ም. ሶኒ የተባለው የጃፓን ኩባንያ አይቦ የሚባል ሮቦት በውሻ አምሳል ሠርቶ ለገበያ አወጣ። የአንዱ ዋጋ 250,000 የን ነበር፤ ቢሆንም ለጃፓን የተመደቡት 3,000ዎቹ በ20 ደቂቃ ውስጥ ተሸጠው አለቁ። ሲጠሩት ይመጣል፥ ሲያሻሹት ይደሰታል፤ አይበላም፥ አይናከስም። አንዳንድ ሽማግሌዎች ስም አውጥተውለት እንደ ቤተ ሰብ አብረውት ኖሩ። ኩባንያው ግን በ2006 መሥራቱን፥ በ2014 ደግሞ መጠገኑን ተወ። የቀድሞ ሠራተኞቹ ጥገናውን ቢቀጥሉም፥ አዲስ መለዋወጫ ስላልነበረ አንዱን ለማዳን ሌላውን መፍታት ግድ ሆነባቸው። ስለዚህ ከ2015 ጀምሮ ኢሱሚ በምትባል ከተማ ባለ የቡድሃ ቤተ መቅደስ፥ ለሚፈቱት ውሾች የስንብት ጸሎት ይደረግላቸው ጀመር።

ይህን የሰማ ሰው መሳቁ አይቀርም፤ እኔም መጀመሪያ ስቄአለሁ። ዳሩ ግን ያዘኑት ሰዎች ሞኞች አልነበሩም። ፍቅራቸው እውነተኛ ነበር፤ የሚያሳዝነው የፍቅራቸው ዕድሜ በአንድ ኩባንያ የሒሳብ መዝገብ መቈረጡ ነው።

ወጣት አንባቢ ሆይ፥ ከዚህ የሚብስ ሌላ ነገር አለ። ፓሮ የምትባል፥ ነጭ ጠጉር የለበሰች የባሕር እንስሳ ግልገል የምትመስል ሮቦት በጃፓንና በአውሮጳ በአረጋውያን መጦሪያ ቤቶች ትገኛለች። ሲዳብሷት ድምፅ ታሰማለች፥ ዓይኗን ትከድናለች፤ የመርሳት ሕመም ያደከማቸው ሰዎችም አቅፈዋት ይረጋጋሉ። ከዚህች አሮጊት እቅፍ ፓሮን የሚነጥቅ ጨካኝ ነው። እኔ የምጠይቀው ስለ አሮጊቷ ሳይሆን ስለ ልጇ ነው። እሱ ሩቅ ሳይሆን፥ የአንድ ሰዓት መንገድ ብቻ እያለው፥ «ዛሬስ ብቻዋን አይደለችም» ብሎ ይቀራል። እንግዲህ መሣሪያዪቱ ያገለገለችው ማንን ነው?

ሕያው ባልንጀራ ይቀየማል፥ ያኰርፋል፥ ይታመማል፤ እኛም እሱን ስንታገሥ መታገሥን እንለምዳለን። እናትም ልጇ ሲዘገይባት «ምነው ጠፋህ?» ትለዋለች። ይህ ቃል ለጆሮ ይከብዳል፤ ነገር ግን ልጅየውን ከቤቱ አስነሥቶ የሚያመጣው እሱ ነው። ፓሮ እንዲህ ብላ አትጠይቅም። እናቲቱም ፓሮን ከለመደች በኋላ መጠየቋን ትተው ይሆናል፤ ልጅየውም ያን ዝምታ እንደ ምርቃት ይቈጥረዋል።