አለማወቅ ከበደል ነጻ ያወጣልን?

የሰው አካል ከራስ ጠጉር እስከ እግር ጥፍር ተመርምሮ ያለቀ ይመስለናል። ቬሳሊየስ ታላቁን የአካል ጥናት መጽሐፉን በ1543 (እ.ኤ.አ.) ካሳተመ ወዲህ ያልታየ ምን ቀርቶ ይሆን? ይሁን እንጂ በ2020 የኔዘርላንድ የካንሰር ተቋም ተመራማሪዎች የፕሮስቴት ካንሰርን በልዩ የምስል መሣሪያ ሲመረምሩ፥ ከአፍንጫ በስተኋላ በግራና በቀኝ ያልጠበቁት ነገር ሲያበራ ተመለከቱ። በአማካይ 4 ሴንቲ ሜትር ያህል ርዝመት ያለው የምራቅ ዕጢ ነበር። መቶ ሕሙማንን አዩ፤ በመቶውም ላይ አገኙት። በመጻሕፍት የሚታወቁት ትላልቅ የምራቅ ዕጢዎች ግን ሦስት ጥንድ ብቻ ነበሩ። «ራሱን የቻለ አዲስ አካል ነው ወይስ ቀድሞ የሚታወቁት ጥቃቅን ዕጢዎች ክምችት?» የሚለው ጥያቄ ሊቃውንቱን አከራክሯል።

እኔን ያሳሰበኝ ግን ሌላ ነው። የራስና የአንገት ካንሰር በጨረር ሲታከም፥ የሕመምተኛው አፍ እንዳይደርቅ ሐኪሞች የሚታወቁትን ዕጢዎች ከጨረሩ ለማራቅ ይጥራሉ። ይህንኛውን ግን ማንም አላሰበውም። ተመራማሪዎቹ የ723 ታካሚዎችን መዝገብ ሲያዩ፥ ወደዚያ ሥፍራ ብዙ ጨረር በደረሰ መጠን የአፍ መድረቅና የመዋጥ ችግር በዝቶ ተገኘ።

ታዲያ ሐኪሙ በድሏልን? አልበደለም እላለሁ። በዘመኑ እውቀት በቅን ልብ ሠርቷልና። ነገር ግን አለማወቅ ሁለት ዓይነት ነው፤ አንዱ ለማንም ገና ያልተገለጠውን አለማወቅ ነው፤ ሁለተኛው ጠይቀን ልንረዳው ስንችል የተውነው ነው።

ይህን የምለው በራሴ ስለ ደረሰ ነው። በዩኒቨርሲቲ አብሮኝ የሚያድር ጓደኛዬ ዝምታ ሲያበዛ «ኮርቷል» ብዬ ራቅሁት። አንድ ምሽት «እንቅልፍ አጣሁ» አለኝ፤ ፈተና ስለ ነበረብኝ ዝም አልሁት። እናቱ በጠና ታማ እንደ ነበር የሰማሁት ካረፈች በኋላ ነው። «አላወቅሁም» አልሁት። እውነቴን ነበር፤ ግን ንጹሕ አልነበርሁም።

የሕመምተኛው «አፌ ደረቀ» ማለት፥ ዕጢው ሳይታወቅም በፊት ምስክር ነበር። እንግዲህ ወንድሞችና እኅቶች፥ ያልተገለጠልንን ሁሉ ማወቅ አይጠበቅብንም። አጠገባችን ያለው ሰው ሲያቃስት ግን «ምን ሆነህ ነው?» ማለት ይጠበቅብናል።