ስለሚማታ ልጅ ለወላጆችና ለጎረቤቶች የተሰጠ ምክር

ይነበብ ዘንድ፦ የማርቆስ ወንጌል ምዕራፍ 9፥ ከቍጥር 14 እስከ 29።

በዚህ ምንባብ አንድ አባት የታመመ ልጁን ወደ ጌታችን አመጣ። ሕዝቡ ከብቦ ይመለከት ነበር፥ ጻፎችም ይከራከሩ ነበር። ጌታችን ግን ልጁን ከመፈወሱ አስቀድሞ ሕመሙ ከመቼ ወዲህ እንደ ጀመረው አባቱን ጠየቀው። ሁሉን የሚያውቅ እርሱ መጠየቅን ካልናቀ፥ እኛ ሳንጠይቅ እንዴት እንፈርዳለን?

ይህን የምለው በሸዋ ሮቢትና በይፋት ቆላ ስለሚኖሩ፥ ታናሻቸውን ስለሚነክሱ፥ በእናታቸው ላይ ድንጋይ ስለሚወረውሩ ልጆች ነው። ሰው ሁሉ ፈጥኖ ስም ያወጣላቸዋል፤ አንዱ ጥጋብ ነው ይላል፥ ሌላው ዛር ያዘው ይላል፥ ሦስተኛውም እናቱ አቀማጥላ አበላሸችው ይላል። ከሦስቱ አንዱ ስንኳ ከመቼ ጀመረው ብሎ አልጠየቀም።

እንጠይቅ እንግዲህ። የይፋት ቆላ የወባ አገር ነው። ክረምቱ ወጥቶ ትንኙ በሚበዛበት ከመስከረም እስከ ኅዳር ባለው ወራት፥ ወባው ወደ አንጎል የወጣበት ሕፃን ይንቀጠቀጣል፥ ራሱንም ይስታል። ብዙዎች በእግዚአብሔር ቸርነትና በሐኪም መድኃኒት ይድናሉ፤ ነገር ግን ከዳኑት አንዳንዶቹ ከወራት በኋላ ጠባያቸው ይለወጣል፤ አንድ ስፍራ መቀመጥ ያቅታቸዋል፥ በጥቂቱ ይቈጣሉ፥ ይማታሉ፤ የሚጥል በሽታም የሚጀምራቸው አሉ። ቍስሉ በአንጎል ውስጥ ስለ ሆነ ጎረቤት አያየውም፥ ጥጋብም ይለዋል።

የሚጥል በሽታ ያለበት ልጅ ከወደቀበት ሲነቃ ለጥቂት ጊዜ የት እንዳለ አያውቅም። በዚያች ሰዓት ሰዎች እጁንና እግሩን ጨምድደው ሲይዙት፥ የክብሪት ጭስም ወደ አፍንጫው ሲያቀርቡለት፥ ደንግጦ ይመታል። በጎኑ አስተኝታችሁ፥ ድንጋይና እሳትን ከአጠገቡ አርቃችሁ፥ እስኪነቃ ዝም ብላችሁ ብትጠብቁት አብዛኛውን ጊዜ ማንንም ባልመታ ነበር። ደግሞም ለዚህ በሽታ የሚሰጠው ፌኖባርቢታል የሚባለው መድኃኒት አንዳንዱን ልጅ ያቅበጠብጠዋል፥ ቍጡም ያደርገዋል። እንዲህ ሲሆን ለሐኪሙ መንገር ይገባል፤ በገዛ እጅ በድንገት ማቋረጥ ግን አደገኛ ነው፥ በሽታው በርትቶ ይመለሳልና። ልጃቸውን ወደ ጠበል የሚወስዱትም ክኒኑን በቤት ትተው አይሂዱ፤ ጸሎት መድኃኒትን አይከለክልም።

ሌላም ምክንያት አለ፥ ይህም የቅርብ ዘመን ኀዘን ነው። በ2013 ዓ.ም. በመጋቢትና በሚያዝያ በአጣዬና በዙሪያዋ ቤት ሲቃጠል ሰውም ሲገደል፥ ዳግመኛም በኅዳር 2014 ዓ.ም. ጦርነቱ እስከ ሸዋ ሮቢት በደረሰ ጊዜ፥ ልጆች በእናታቸው ጀርባና በእግራቸው ሸሹ። ያዩትን ለማንም ያልተናገሩ አሉ። እንዲህ ያለው ልጅ በሌሊት ይባንናል፥ በር ሲንኳኳ ይደነግጣል፥ ባልንጀራው በጨዋታ ቢገፋው ሊጥለው ይነሣል። ጠቡ ከፊቱ ከቆመው ልጅ ጋር አይደለም።

ጆሮው የማይሰማ፥ መናገርም የማይችል ልጅ ደግሞ ቃል ስላጣ በእጁ ይናገራል። ርቦት እንደ ሆነ፥ ሆዱንም አሞት እንደ ሆነ በምልክት መናገርን ብታስተምሩት መማታቱ ይቀንሳል።

ምን እናድርግ ትሉ ይሆናል። ከምቱ አስቀድሞ የሆነውን ተመልከቱ። ርቦት ነበርን? ሌሊቱን በሙቀት ሳይተኛ አድሮ ነበርን? ታናሹ የያዘውን ቀምቶት ነበርን? ማሽላ የሚጠብቅ ሰው ግሪሳው ከየት ወገን እንደሚመጣ አውቆ ማማውን በዚያ ይሠራል፤ እናንተም ጥቂት ሳምንት ብትመለከቱ ቍጣው የሚመጣበትን መንገድ አውቃችሁ ቀድማችሁ ትቆማላችሁ።

ቍጣው ከተነሣ በኋላ ግን የምክር ጊዜ አይደለም። ሌሎቹን ልጆች አርቁ፥ ድንጋዩንና ቢላዋውን አንሡ፥ በለሰለሰ ድምፅ ጥቂት ቃል ተናገሩ፥ ከአጠገቡም አትጥፉ። አትምቱት፥ በገመድም አትሰሩት። ብዙ አባቶች በዚህ ይቈጡብኛል፤ እኛስ በአለንጋ አድገን ምን ሆንን ይላሉ። ነገር ግን ልጁ ከአለንጋው የሚማረው ጕልበት ያለው እንዲመታ ነው፤ የተማረውንም ከእርሱ በሚያንሰው ላይ ይፈጽመዋል። ሐዋርያው ጳውሎስ ለኤፌሶንና ለቈላስይስ ምእመናን በጻፈው መልእክት ልጆችን ስለ ማስቈጣት ያስጠነቀቀው አባቶችን ነው።

አትምቱት ማለቴ የወደደውን ሁሉ ስጡት ማለቴ አይደለም። ዳቦ ተከልክሎ እናቱን ቢመታ፥ እርስዋም ሰው እንዳይሰማ አፍራ ብትሰጠው፥ ነገም ዳቦ ሲያምረው እጁን ያነሣል። ስለ መታ አያግኝ፤ በቃል ወይም በምልክት በጠየቀ ጊዜ ግን ፈጥናችሁ ስጡት፥ አመስግኑትም። እናቲቱ የከለከለችውን አያቱ በስውር የምትሰጠው እንደ ሆነ ድካሙ ሁሉ ከንቱ ነው፤ የአያቶች ርኅራኄ በዚህ ነገር ብዙ ቤት አውኳል። ጕልበቱንም በሥራ አውሉት፤ ፍየል ያግድ፥ እንጨት ይሸከም፥ በወንጭፉ ግሪሳ ያባርር። የሚጥል በሽታ ያለበት ግን ማማ ላይ አይውጣ፥ ወደ ሮቢ ወንዝም ብቻውን አይውረድ።

ይህን አድርጋችሁ ካልቀለለ ወደ ጤና ጣቢያ ውሰዱት፤ ከዚያም ወደ ደብረ ብርሃን ሆስፒታል ቢልኩት ሂዱ። ሐኪሙም መጀመሪያ የሚጠይቃችሁ ከመቼ ጀመረው ብሎ ነውና፥ የጀመረበትን ወር፥ ያደረበትን ትኵሳት፥ የወደቀበትንም ቀን አስባችሁ ቅረቡ።

ጎረቤቶች ሆይ፤ የዚህ ልጅ እናት ሌሊትም ቀንም አታርፍም። ከእናንተ አንዲቱ በሳምንት አንድ ከሰዓት በኋላ ልጁን ትጠብቅላት፥ እርስዋም ትተኛ። በጉባኤ መካከል ቢጮኽ አታስወጧቸው፤ በበሩ አጠገብ ስፍራ ስጧቸው፤ ልጁ መቀመጥ ሲያቅተውም አንድ ሽማግሌ አብሮት ይውጣና እስኪረጋ ድረስ በዛፉ ጥላ ሥር ከእርሱ ጋር ይቀመጥ።