በወንድ ያልቅ ወይስ በወንድ ስም?

በቅርቡ ኮምቦልቻ ላይ አንድ ሽምግልና ተቀምጬ ነበር። እህት ጅዳ በሰው ቤት ሠርታ በላከችው ብር የተሠራ ቤት በወንድሟ ስም ሆኖ ተገኘ። ከሽማግሌዎቹ አንዱ፣ በጣም የማከብራቸው ሰው፣ ክርክሩን በተረት ሊቋጩት ፈለጉ፦ «ሴት ብታውቅ በወንድ ያልቅ።» ይህን ተረት ከልጅነቴ ጀምሮ ሰምቼዋለሁ፤ እንደዚያ ቀን ግን ከብዶኝ አያውቅም።

ወሎ ላይ ተቀምጦ ይህን የሚተርት ሰው ወርቂትን ማስታወስ አለበት። በ1857 ዓ.ም. ምኒልክ ከመቅደላ አምልጠው የገቡት እኚህ የወሎ ገዢ ዘንድ ነበር። የወርቂት ልጅ ደግሞ በዚያው አምባ ላይ የአፄ ቴዎድሮስ እስረኛ ነው። እንግዳውን መልሶ መስጠት ልጅን ሊያስፈታ ይችል ነበር። ቴዎድሮስ ግን ማምለጡን ሲሰሙ ተቆጥተው ልጁን ገደሉት፤ ወርቂትም ምኒልክን ወደ ሸዋ ሸኟቸው። አዲስ አበባም ሆነች አድዋ የመጡት ከዚያ ወዲህ ነው። ታዲያ ነገሩ በማን አለቀ?

የተረቱ ወዳጅ መልስ አያጣም፤ መልሱም ሚዛን ይደፋል። ወርቂት ይገዙ የነበረው በልጃቸው ስም ነው። ብልሃቱና ድርድሩ የእሳቸው፣ ስሙ የወንድ። የጅዳዋ ልጅ ነገርም ይኸው ነው፤ ላቡ የእሷ፣ ካርታው የወንድሟ። ተረቱ እንግዲህ አንድ እውነት ይዟል፦ ወረቀቱ በማን ስም ይጻፍ እንደነበር ይመሰክራል። ስለ ሥራው ግን ተሳስቷል። ገበሬው ያረሰውን ሚስቱ አብራ አርማ፣ አጭዳ፣ አበጥራ፣ አቡክታ እንጀራ እስክታደርገው ድረስ ማንንም አያጠግብም። ወንድ ቢያርስ በሴት ያልቃል። በ2009 በተመረቀው የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክም በየስፌት መኪናው ላይ የተቀመጡት አብዛኞቹ ወጣት ሴቶች ናቸው።

ይህ ተረት አንቀጽ ሆኖ የኖረበት ዘመንም አለ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤተሰቡ ራስ አድርጎ፣ ሚስት እንድትታዘዘው፣ ሠራተኛ ሊቀጥርላት ካልቻለም የቤቱን ሥራ ራሷ እንድትሠራ ይደነግግ ነበር። በ1992 የወጣው የቤተሰብ ሕግ ባልና ሚስትን እኩል አደረገ፤ የአማራ ክልልም በ1995 የራሱን አወጣ። በክልሉ የገጠር መሬት ይዞታ ደብተር ላይ ዛሬ የሁለቱም ስም፣ የሁለቱም ፎቶግራፍ አለ። ሕግ የሻረውን በሽምግልና መመለስ ግፍ ነው።

ሽማግሌዎቻችን ሆይ፣ ከመተረታችሁ በፊት የሐዋላውን ደረሰኝ ጠይቁ። ጅዳ፣ ሪያድ፣ ቤይሩት ያላችሁ እህቶቼም፣ ብሩን ለወንድም ብትልኩ እንኳ ቤቱ በስማችሁ እንዲገዛ ውክልና ስጡ፤ ደረሰኛችሁንም አትጣሉ።