መልእክተኛው ሲነካ ጦርነቱ ተጀምሯል



 

ለመሆኑ ጦርነት የሚጀመረው መቼ ነው? ብዙዎቻችን የመጀመሪያው ጥይት የተተኮሰበትን፣ የመጀመሪያው ሰይፍ የተመዘዘበትን ቀን እንቆጥራለን። ነገር ግን ታሪክን ረጋ ብሎ ለተመለከተ ሰው ያ ቀን የጦርነቱ መጀመሪያ ሳይሆን የመነጋገሪያው መንገድ መጨረሻ ነው። ከዚያ ቀን በፊት ያልተመለሰ ደብዳቤ አለ፤ ሊፈጸም የማይችል ዛቻ አለ፤ ሳይጣራ የታመነ ወሬ አለ፤ የተዋረደ ወይም የተገደለ መልእክተኛ አለ። ለዚህም ምሳሌ ፍለጋ ወደ ሩቅ አገር መሄድ አያስፈልገንም። በገዛ ደጃችን፣ በይፋት ምድር፣ ምሳሌው በድንጋይ ላይ ቆሞ ይታያል።

ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ በሚወስደው አውራ ጎዳና የጣርማበርን ዳገት አልፎ፣ ከደብረ ሲና ቁልቁል ወርዶ ሸዋ ሮቢት የሚደርስ መንገደኛ ማሽላና ማሾ የሚበቅልበትን ቆላ ያያል። በዚያው አካባቢ በተራሮቹ እግር ስር ግን ኖራ፣ አስባሪና መሳል በተባሉ ስፍራዎች የጥንት ከተሞች ፍርስራሽና የድንጋይ መስጂዶች አሉ። እነዚህ የይፋት ሱልጣኔት ቅሪቶች ናቸው። የወላስማ ሥርወ መንግሥት መሥራች ዑመር ወላስማ እ.ኤ.አ. በ1285 የሸዋን የመኽዙሚ ሱልጣኔት ድል አድርጎ ግዛቱን አስፋፋ። በ14ኛው መቶ ዘመን የኖረው የግብጽና የሶርያ አገር ጸሐፊ አልዑመሪ በዘመኑ ከነበሩት ሰባት የሙስሊም ግዛቶች መካከል አንዱ አድርጎ ይፋትን ጠቅሷል፤ ሠራዊቱም 15,000 ፈረሰኛና ከ20,000 በላይ እግረኛ እንደነበረ ጽፏል።

የይፋት ኃይል ምንጭ መንገድ ነበር። ከዘይላ ወደብ ወደ ደጋው የሚወጣው የሲራራ ንግድ የሚያልፈው በዚህ ምድር ነው። ከደጋው በኩል ደግሞ እ.ኤ.አ. ከ1314 እስከ 1344 የነገሡት አፄ ዓምደ ጽዮን ግዛታቸውን ወደ ደቡብና ወደ ምሥራቅ እየገፉ ነበር። ሁለቱም የዚያን መንገድ ቀረጥ ይፈልጋሉ። ሁለቱም አንዱ ለሌላው መገበር እንዳለበት ያምናሉ። እንዲህ ያለ ፉክክር በራሱ ጦርነት አይደለም። ጎረቤታሞች በገበያና በውሃ መፎካከራቸው የኖረ ነገር ነው። ፉክክሩን ወደ ደም የለወጠው ከሩቅ የመጣ ነገር ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1321 በግብጽ አብያተ ክርስቲያናት ተቃጠሉ፣ ፈረሱም። ወሬው ሐበሻ ደረሰ። የግብጹ ታሪክ ጸሐፊ አልመቅሪዚ እንደሚነግረን በ726ኛው ዓመተ ሂጅራ ከሐበሻው ንጉሥ የተላኩ መልእክተኞች ካይሮ ደረሱ። አብያተ ክርስቲያናቱ ካልታደሱ በሐበሻ ያሉትን መስጂዶች እንደሚያፈርሱና የአባይን ወንዝ እንደሚያግዱ የሚገልጽ ቃል ይዘው ነበር። እስቲ ይህን እናስተውል! በካይሮ ለተሠራ በደል በይፋትና በዘይላ ያለ ሙስሊም ዋስ ሊሆን ነው። አባይን ማገድም በዘመኑ አቅም የማይሞከር ነገር ነበር። የካይሮው ሱልጣንም መልእክተኞቹን ሳይቀበል መለሳቸው። በማይፈጸም ቃል የዛተ ሰው ራሱን ወደ ጥግ ይገፋል፤ የተዛተበትም ይንቀዋል፤ በመካከል ያለው ደካማ ግን ከሁለቱም በኩል ይፈራል።

ከዚያ በኋላ የመጣው የባሰ ነው። የአፄ ዓምደ ጽዮን ዜና መዋዕል እንደሚለው ትእይንታይ የተባለው የንጉሡ መልእክተኛ ከካይሮ ሲመለስ የይፋቱ ሱልጣን ሐቀዲን ያዘው፤ አሰረው፤ ሃይማኖቱን እንዲለውጥም ሊያስገድደው ሞከረ፤ እምቢ ሲልም ገደለው። ንጉሡ ዘመተ፤ የይፋት ከተማም ተወረረች። እ.ኤ.አ. በ1332 ደግሞ የሐቀዲን ወንድም ሰብረዲን ተነሣ፤ ሌላ ታላቅ ጦርነት ሆነ፤ እሱም ተሸንፎ ወንድሙ ጀማለዲን በቦታው ተሾመ።

አንዳንድ ወንድሞች «ይህ በአሸናፊው ወገን ብዕር የተጻፈ ነው፤ ለምን እንመነው?» ይሉ ይሆናል። ጥያቄው ተገቢ ነው። ወሬ ሲመጣልን አጣሩ የተባልን ሕዝቦች ነን፤ ይህም በሱረቱል ሑጁራት የተሰጠን ትእዛዝ ነው። ነገር ግን የማጣራት ትእዛዝ የሚያኮራንን ወሬ ሁሉ ለመቀበል፣ የሚያሳፍረንን ሁሉ ለመጣል የተሰጠ ፈቃድ አይደለም። ዜና መዋዕሉ እውነት ከሆነ ሱልጣኑ የሠራው ሥራ በእስልምና ሚዛን ሲመዘን ምን ይሆናል? ይህን ሳንሸሽ መመለስ ይኖርብናል።

አቡ ራፊዕ የተባለው ሰው የቁረይሽ መልእክተኛ ሆኖ ወደ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) መጣ። እሳቸውን ባየ ጊዜ ልቡ ወደ እስልምና አዘነበለና አልመለስም አለ። ነቢዩ ግን ቃል ኪዳን እንደማያፈርሱ፣ መልእክተኛም እንደማያስቀሩ ነግረው መለሱት፤ ልቡ ካልተለወጠ በኋላ መምጣት እንደሚችል ገለጹለት። ወዶ ለመቅረት የለመነውን መልእክተኛ እንኳ መልሰዋል! የሐሰተኛው የሙሰይለማ ሁለት መልእክተኞች በፊታቸው ቆመው የክህደት ቃል በተናገሩ ጊዜም መልእክተኛ የማይገደል በመሆኑ ብቻ በሰላም ሄዱ። ታዲያ መልእክተኛን አስሮ በግድ ሃይማኖት ማስለወጥ ከየትኛው ሱና የተወሰደ ነው? ማንም ይሥራው ማን፣ ስሙ ሐቀዲን ቢሆንም እንኳ፣ ስህተቱ ስህተት ነው።

በተቃራኒው መልእክተኛ የተገደለባቸው ወገኖችም ምን እንደሚደርስባቸው ታሪካችን ይነግረናል። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ወደ ቡስራ ገዥ የላኩትን አል-ሓሪስ ኢብኑ ዑመይርን የጋሳኑ ሹም ሹረሕቢል መንገድ ላይ ገደለው። ከዚህ የተነሣ በ8ኛው ዓመተ ሂጅራ 3,000 ሙስሊሞች ወደ ሙእታ ዘመቱ። በዚያ ጦርነት ሦስት አዛዦች ተከታትለው ወደቁ። ከእነሱ አንዱ ጃዕፈር ኢብኑ አቢ ጧሊብ (ረ.ዐ.) ነበሩ። ጃዕፈርን የሐበሻ ሰው ያውቃቸዋል። በነጃሺ አደባባይ ቆመው የስደተኞቹን ጉዳይ በቃል ያስረዱት እሳቸው ናቸው። ነጃሺ የቁረይሽ መልእክተኞችን ስጦታ ተቀብለው ስደተኞቹን ሳይሰሙ አሳልፈው መስጠት ይችሉ ነበር። አላደረጉትም፤ ሁለቱንም ወገን ሰሙና ፈረዱ። በሐበሻ ምድር ቃል ተሰምቶ ደም ዳነ፤ በሙእታ ቃል ይዞ የሄደ ሰው ተገድሎ ደም ፈሰሰ። ያው ጃዕፈር በአንዱ ስፍራ ዳኑ፣ በሌላው ሸሂድ ሆኑ።

ሑደይቢያም ሌላው ትምህርታችን ነው። ዑስማን (ረ.ዐ.) መልእክተኛ ሆነው መካ ገብተው ሲዘገዩ ተገደሉ የሚል ወሬ ተነዛ። ሰሓቦች ከዛፉ ሥር ለመዋጋት ቃል ገቡ። ወሬው ግን ሐሰት ሆኖ ተገኘ። ሱሀይል ኢብኑ ዐምር ለድርድር ሲመጣ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) የአላህ መልእክተኛ የሚለው ማዕረግ ከስምምነቱ ጽሑፍ እንዲፋቅ እንኳ ፈቀዱ። ብዙ ሰሓቦች ይህ ውርደት መስሏቸው አዘኑ። ዳሩ ግን የአሥር ዓመት ሰላም ተጻፈ፤ ከዚያ በኋላ በሁለት ዓመት ውስጥ እስልምናን የተቀበሉት ከዚያ በፊት ከነበሩት በለጡ። ለክብር ሲባል ያልተዋጉት ጦርነት ክብርን ጨመረ እንጂ አልቀነሰም።

ወደ ይፋት እንመለስ። በዚያው ዘመን የተሻለ መንገድም ነበር። አልዑመሪ እንደጻፈው ፈቂህ ዐብደላህ አዝ-ዘይለዒ የሐበሻው ንጉሥ መልእክተኛ ካይሮ በደረሰ ጊዜ የግብጹ ፓትርያርክ ንጉሡ ሙስሊሞችን ከመንካት እንዲታቀብ ደብዳቤ እንዲጽፉለት ደክመው አስጻፉ። የዘይላ ሙስሊም ፈቂህ በክርስቲያን ፓትርያርክ ቃል የሕዝባቸውን ደም ለማዳን ሞከሩ! ይህ ብልሃት እንጂ ድክመት አልነበረም። የሚያሳዝነው ግን የጦሩ ድምፅ በርትቶ የፈቂሁ ድምፅ መዋጡ ነው።

ውጤቱስ? በ15ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ ሱልጣን ሰዕደዲን ዘይላ አጠገብ ተገደሉ፤ ልጆቻቸው ወደ የመን ተሰደዱ፤ ተመልሰው መጥተው በአዳል ቆሙ። ቂሙ ከአባት ወደ ልጅ ተላለፈ። እ.ኤ.አ. በ1529 በሽምብራ ኩሬ ኢማም አሕመድ የአፄ ልብነ ድንግልን ጦር ድል አደረጉ። ከዚያም የሩቅ ኃያላን ገቡበት፤ ከአንዱ ጎን የኦቶማን ቱርክ ነፍጠኞች፣ ከሌላው ጎን የፖርቱጋል ወታደሮች ቆሙ። እ.ኤ.አ. በ1542 የፖርቱጋሉ አዛዥ ተገደለ፤ በ1543 ኢማሙ ወደቁ፤ በ1559 አፄ ገላውዴዎስ ተገደሉ። በመጨረሻ አዳልም ደከመ፣ የደጋው መንግሥትም ደከመ። ከሁለት መቶ ዓመት በላይ በፈጀ ደም የዘይላን መንገድ ያገኘ ማን ነው? ማንም!

በይፋት ምድር ሌላ ታሪክም እንደተጻፈ ግን መዘንጋት የለበትም። እ.ኤ.አ. በ1840ዎቹ የሸዋው ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ የእንግሊዝንና የፈረንሳይን መልእክተኞች በተቀበሉበት ጊዜ የምሥራቁን በር ይጠብቁ የነበሩት ሙስሊሙ ወላስማ መሐመድ ነበሩ። አንድ ጊዜ በጠላትነት የተፈራ የወላስማ ስም በሌላ ዘመን የአገር በር ጠባቂ ሆነ። ሰው ሲፈልግ እንዲህም ይኖራል ማለት ነው።

ውድ አንባቢያን! ይህ ሁሉ ያለፈ ነገር ነው ብለን እንዳንዘናጋ የቅርቡንም እንይ። የኢትዮጵያና የኤርትራ መሪዎች በነሐሴ 1989 በድንበር ጉዳይ ደብዳቤ ይጻጻፉ ነበር። በህዳር 1990 ናቅፋ ወጣ፤ በገንዘቡ ምክንያት የንግዱ ነገር ሻከረ። የድንበር ጉዳይ የሚያይ የጋራ ኮሚሽንም ነበር። ይሁን እንጂ ሚያዝያ 28 ቀን 1990 ባድመ አካባቢ ተኩስ ተከፈተ። በአስር ሺህዎች የሚቆጠር ወጣት አለቀ። የአልጀርሱ ስምምነት የተፈረመው ታህሳስ 3 ቀን 1993 ነው። በዚያ ጠረጴዛ ላይ የተቀመጠው ጉዳይ ከጦርነቱ በፊትም ጠረጴዛ ላይ ሊቀመጥ የሚችለው ያው ጉዳይ ነበር።

ከዚያም የሰሜኑ ጦርነት መጣ። ሰኔ 2012 ሽማግሌዎችና የሃይማኖት አባቶች መቀሌ ድረስ ሄዱ፤ አልሆነም። የምርጫው መራዘም፣ ጳጉሜ 4 ቀን 2012 በትግራይ የተካሄደው ምርጫ፣ አንዱ ሌላውን ሕጋዊ አይደለህም ማለቱ፣ የበጀት መቋረጡ ተከታተለ። ጥቅምት 24 ቀን 2013 ጦርነት ሆነ። ጦርነቱም በመቀሌ አልቆመም። በህዳር 2014 ሸዋ ሮቢት ደረሰ፤ ከተማዋ ከእጅ ወደ እጅ ተላለፈች። በደብዳቤና በመግለጫ የተጀመረ የሹማምንት ጠብ ማሾ የሚዘራውን ገበሬ፣ ጉሊት የምትውለውን እናት ከቤት አስወጣ። ሰላሙም የተፈረመው ጥቅምት 23 ቀን 2015 በፕሪቶሪያ፣ በጠረጴዛ ዙሪያ ነው። ጦርነት የሸሸበትን ጠረጴዛ ዞሮ መጥቶ ያገኘዋል፤ በመካከል ያለፈው ነፍስ ግን አይመለስም።

እንግዲህ ከእኛ ምን ይጠበቃል? እኛ ሱልጣን አይደለንም፤ ሠራዊትም አናዝዝም። ነገር ግን ነገሥታት ወደ ጦርነት የሚሄዱት የሕዝባቸውን ጭብጨባ ሰምተው ነው። ስለዚህ አንደኛ፣ ሳናጣራ ወሬ አናስተላልፍ፤ በሑደይቢያ ሐሰተኛ ወሬ ምን ሊያደርስ እንደነበረ አይተናል። ሁለተኛ፣ በሩቅ አገር ለተሠራ በደል በደጃችን ያለውን ጎረቤት ተጠያቂ አናድርግ፤ እኛም እንዲህ እንዲደረግብን አንወድም። ሦስተኛ፣ ለእርቅ የሚሄደውን ሰው «ፈሪ»፣ «ከሃዲ» ብለን አናዋርድ። በወሎና በአካባቢው አበጋሮች ደም የተቃቡትን ሲያስታርቁ የኖሩት ማንም ስለማይነካቸው ነው። አስታራቂውን የሚሰድብ ሕዝብ አስታራቂ ያጣል። አራተኛ፣ የራሳችን ወገን ሲያጠፋ ጥፋት መሆኑን እንናገር፤ ፍትሕ በዘመድ እንዳይዛባ የታዘዝን ነንና።

በሱረቱል አንፋል ሌላው ወገን ወደ ሰላም ካዘነበለ አንተም ወደ ሰላም አዘንብል፣ በአላህም ተመካ የሚል ትእዛዝ ተሰጥቶናል። ልብ በሉ፤ ትእዛዙ የወረደው ጦር ስለማዘጋጀት ከተነገረ ቀጥሎ ነው። ኃይል ያለው ሰው የሰላምን ቃል ሲሰማ ነው ኃይሉ የሚለካው።

አላህ (ሱ.ወ.) ለአገራችን መሪዎች ሁሉ የሚያዳምጥ ጆሮና የሚታገስ ልብ ይስጣቸው። በይፋት ቆላም ሆነ በደጋው የፈሰሰውን ደም የመጨረሻው ያድርግልን። እኛንም ከወሬ ነዢዎች ሳይሆን ከአስታራቂዎች ይመድበን። አሚን!