አምስቱ ሴቶች ልጆች በድንኳኑ ደጃፍ

የምንባቡ ክፍል፤ ኦሪት ዘኍልቍ ምዕራፍ 27፣ ከቍጥር 1 እስከ 11።



ወደ አራስ ቤት የሚሄድ ሰው አስቀድሞ የሚሰማው እልልታውን ነው። በብዙ የአገራችን ስፍራ ወንድ ሲወለድ ሰባት ጊዜ፣ ሴት ስትወለድ ሦስት ጊዜ እልል ይባላል፤ ስለዚህ ጎረቤት ወደ ቤት ሳይገባ እልልታውን ቈጥሮ ምን እንደ ተወለደ ያውቃል። የእናቲቱ ምጥ አንድ ነው፤ የሚቀርበውም ገንፎ አንድ ነው፤ እልልታው ግን ሁለት ዓይነት ነው። ሕፃኒቱ ገና ዓይንዋን ሳትገልጥ በአራት እልልታ ከወንድምዋ አንሳ ተቈጠረች። ይህን ሁላችን ሰምተናል፤ ብዙዎቻችንም አብረን እልል ብለናል። ዛሬ ይህ ትንሽ የሚመስለው ልማድ ከምን ሥር እንደ በቀለ፣ ሥሩም ሲያድግ ወዴት እንደሚያደርስ በእግዚአብሔር ቃል ፊት እንመርምር።

ከምናሴ ነገድ የሆነ ሰለጰዓድ የሚባል ሰው በምድረ በዳ ሞተ። ወንድ ልጅ አልነበረውም፤ ነገር ግን ማህለህ፣ ኑዓ፣ ዔግላ፣ ሚልካና ቲርጻ የሚባሉ አምስት ሴቶች ልጆች ነበሩት። ምድሪቱ ልትከፈል በተቃረበች ጊዜ የሚወርስ ወንድ ስላልነበረ የዚያ ሰው ስም ከርስት መዝገብ ሊቀር ሆነ። አምስቱ እኅትማማች ግን በቤታቸው ተቀምጠው አላለቀሱም። በሙሴና በካህኑ በአልዓዛር፣ በአለቆቹና በማኅበሩ ሁሉ ፊት፣ በመገናኛው ድንኳን ደጃፍ ቆመው ርስት እንዲሰጣቸው አመለከቱ። ሙሴ በራሱ አሳብ አልፈረደም፤ ነገራቸውን ወደ እግዚአብሔር አቀረበ። እግዚአብሔርም አቤቱታቸው ትክክል እንደ ሆነ መሰከረ፤ ለእነርሱ ከመፍረዱም በላይ ከእነርሱ በኋላ ለሚመጡት ሥርዓት አደረገው። ሥርዓቱ ገና ወንድ ልጅ ለሌለበት ቤት ብቻ ነበረ፤ ቢሆንም ተዘግቶ የነበረው በር ተከፈተ።

እንግዲህ ልብ እንበል። እግዚአብሔር የሰለጰዓድን ቤት ያጽናና ወንድ ልጅ በማስነሣት አይደለም። የአባታቸውን ስም ያቆመው አስቀድሞ በሰጠው በአምስቱ ሴቶች ልጆች ነው። ስጦታው በቤቱ ነበረ፤ የጐደለው ሰዎች ለስጦታው የሚሰጡት ስፍራ ነበረ።

ይህንኑ ነገር በዘመናችን ከአንዲት አገር ታሪክ እንማራለን። ኮርያ ለእኛ እንግዳ አይደለችም፤ የቃኘው ሻለቃ ወታደሮቻችን እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1951 ዓ.ም. ወደዚያ ዘምተው ስለ እርስዋ ደማቸውን አፍስሰዋል። በደቡብ ኮርያ ለረጅም ዘመን የቤት አለቅነት ከአባት ወደ ወንድ ልጅ ይተላለፍ ነበር። ለሙታን አባቶች ሥርዓት የሚፈጽም፣ ሽማግሌዎችንም የሚጦር ወንድ ልጅ ነው ይባል ነበር። በ1980ዎቹ ዓመታት አልትራሳውንድ የተባለው፣ ፅንስን በማኅፀን ሳለ የሚያሳይ መሣሪያ በየሐኪም ቤቱ በተስፋፋ ጊዜ፣ ለእናቶችና ለሕፃናት ጤና የተሠራው ነገር ሴቶችን ለይቶ ማስወገጃ ሆነ። እንደ ተፈጥሮ ሥርዓት ለ100 ሴቶች 105 ያህል ወንዶች ይወለዳሉ። በ1990 ዓ.ም. ግን በዚያች አገር ለ100 ሴቶች ከ116 በላይ ወንዶች ተወለዱ። በ1993 ዓ.ም. ሦስተኛ ልጅ ሆነው ከተወለዱት መካከል ወንዶቹ የሴቶቹ እጥፍ ያህል ነበሩ። እነዚያ ያልተወለዱት ሴቶች ልጆች እልልታ ቀርቶ ስም እንኳ አላገኙም።

መንግሥት ዝም አላለም። በ1987 ዓ.ም. ሐኪም የፅንሱን ጾታ ለወላጆች እንዳይገልጥ በሕግ ተከለከለ። ነገር ግን ቍጥሩ የከፋው ከዚህ ሕግ በኋላ ነው። የሐኪሙ አፍ ሲዘጋ የወላጆቹ ልብ ገና አልተለወጠም ነበርና። በህንድም እንዲሁ ሆነ፤ በ1994 ዓ.ም. እንዲህ ያለው ምርጫ በሕግ ቢከለከልም፣ ከስድስት ዓመት በላይ ካልሆናቸው ሕፃናት መካከል ለ1,000 ወንዶች በ2001 ዓ.ም. 927 ሴቶች ተቈጠሩ፤ በ2011 ዓ.ም. ደግሞ ወደ 919 ወረዱ።

በኮርያ ግን ሌላ በር ደግሞ ተከፈተ። ከ1991 ዓ.ም. ጀምሮ ሴቶች ልጆች ከወንድሞቻቸው ጋር እኩል እንዲወርሱ ሕግ ወጣ። በ2005 ዓ.ም. ሕገ መንግሥቱን የሚጠብቀው ፍርድ ቤት የቤት አለቅነቱ ሥርዓት ከሕገ መንግሥቱ ጋር እንደማይስማማ ፈረደ፤ ሥርዓቱም ከ2008 ዓ.ም. መግቢያ ጀምሮ ቀረ። ሴቶች ልጆች ተማሩ፣ ሠሩ፣ ወላጆቻቸውንም ጦሩ። በ2007 ዓ.ም. የሚወለዱት ቍጥር ለ100 ሴቶች ወደ 106 ወንዶች ተመለሰ። በ2024 ዓ.ም. ደግሞ ያው ፍርድ ቤት ወንድን አብልጦ የመሻት ልማድ እንደ ደከመ ተመልክቶ፣ ጾታን ከመግለጥ የሚከለክለውን የቀረውን ሕግ ሻረ። የዚህ ለውጥ ምክንያቱ አንድ ብቻ አይደለም፤ ነገር ግን ለሴት ልጅ በቤትና በርስት ስፍራ ሲሰጣት ሰዎች ከመወለድዋ በፊት መፍራታቸውን እንደሚተዉ አይተናል።

ሕግ የእግዚአብሔር ስጦታ ነው፤ ክፉ የሚያደርገውን እጅ ይይዛል፤ ኃጢአትንም ይገልጣል። አዲስ ልብ ግን አይፈጥርም። ስለዚህ እኛ፣ እንዲህ ያለውን ነገር አላደረግንም ብለን በሌላው ሕዝብ ላይ ልንኰራ አንችልም። ሥሩ በእኛም ቤት አለ። ሴት ልጅ ነገ ለባዕድ ቤት ናት ብለን ከትምህርት ቤት አስቀርተን ውኃ አስቀድተናታል። መሬት ሲከፈል እኅቶቻችን ዝም እንዲሉ ሽማግሌ ልከንባቸዋል። ወንድ አልወለደችልኝም ብሎ ሚስቱን የሚያስለቅስ ባልም በማኅበራችን መካከል ተቀምጦአል። ይህ ሰው ይወቅ፤ ሕፃኑ ወንድ ወይም ሴት የሚሆነው ከአባት በሚመጣው ዘር ነው። ሚስቱን የሚወቅስባት ነገር ከእርስዋ አልመጣም።

ጌታችን ኢየሱስ ክርስቶስ ግን እንዴት እንዳደረገ እናስብ። የምኵራብ አለቃ የሆነው ኢያኢሮስ ስለ ታናሽ ሴት ልጁ በእግሩ ሥር በወደቀ ጊዜ፣ ጌታ ለሴት ልጅ ይህን ያህል ለምን ትደክማለህ አላለውም። በሕዝቡ መካከል አልፎ ወደ ቤቱ ሄደ፤ እጅዋንም ይዞ አስነሣት። አባታችን ማርቲን ሉተርም በ1542 ዓ.ም. የ13 ዓመት ልጁ ማግዳሌና በእቅፉ ስትሞት ምርር ብሎ አለቀሰ፤ የእግዚአብሔር ስጦታ እንደ ነበረች ያውቅ ነበርና።

በተጠመቅንም ጊዜ በላያችን የተጠራው ስም አንድ ነበረ። በሕፃን ራስ ላይ ሦስት ጊዜ የሚፈስሰው ውኃ ለወንድ ሰባት አይሆንም። ሐዋርያው በገላትያ መልእክቱ በሦስተኛው ምዕራፍ እንዳስተማረ፣ በክርስቶስ የተጠመቁ ወንዶችና ሴቶች አንድ ናቸው፤ የተስፋውም ወራሾች ናቸው። በሰማይ ርስት ያላትን በምድር ርስት የምንከለክላት በምን ፊት ነው?

ሰዎች አስጨንቀዋት ወይም ራስዋ ፈርታ ያልተወለደ ልጅዋን ያጣች እናት ይህን ስትሰማ ልብዋ ቢቈስል፣ ከመስቀሉ ሥር አትሽሽ። በዚያ የፈሰሰው ደም ለእርስዋም ነው፤ ያስጨነቃትም ሰው ንስሐ ቢገባ ይቅርታ ያገኛል።

እንግዲህ አባቶች ሆይ፣ በሕይወታችሁ ሳላችሁ የሴቶች ልጆቻችሁን ድርሻ በምስክር ፊት አጽኑ። ሽማግሌዎች ሆይ፣ እኅት በደጃፋችሁ ቆማ ስትናገር እንደ ሙሴ ነገርዋን ወደ እግዚአብሔር አቅርቡ እንጂ አትመልሱአት። እናቶች ሆይ፣ በሚቀጥለው አራስ ቤት እልልታችሁን አትቍጠሩ፤ ለሴቲቱም ለወንዱም እኩል እልል በሉ።

የሰማይ አባት ሆይ፣ ስጦታህን ስለ ናቅን ይቅር በለን። ወንዶችንና ሴቶችን ልጆቻችንን በአንድ ደስታ እንቀበል ዘንድ ልባችንን አድስ። ስለ ልጅህ ስለ ኢየሱስ ክርስቶስ ብለህ ስማን፤ አሜን።