የደጃፍ መብራት ለማን ይበራል?



በአንድ ቤት ካሉት መብራቶች መካከል ባለቤቱ ብዙም የማይጠቀምበት አንዱ ብቻ ነው። የሳሎኑ መብራት ለቤተሰቡና ለእንግዳው፣ የማድ ቤቱ ምግብ ለሚሠራው፣ የመኝታ ቤቱ ቁርኣን ለሚቀራው ወይም ለሚያጠናው ልጅ ይበራል። ከበሩ ውጭ የተሰቀለው አምፖል ግን ባለቤቱ በሩን ዘግቶና ዱዓውን አድርጎ ከተኛ በኋላ የሚያበራው ለሌላ ሰው ነው። ሒሳቡ የሚቆጠረው በባለቤቱ ቆጣሪ ሲሆን የሚጠቀምበት ግን ስሙ የማይታወቅ፣ ምናልባትም ቀን ቀን ሰላምታ እንኳ የማይለዋወጠው መንገደኛ ነው።

ነገሩ ሲያዩት ትንሽ ነው። ሆኖም የሰው ልብ ብዙውን ጊዜ የሚታየው በትንሽ ነገር ነውና በዚህ ጉዳይ ላይ ጥቂት እናስተነትን ዘንድ እጋብዛችኋለሁ። አንድ ሰው ከደጃፉ መብራት ሲሰቅል ምን ማለቱ ነው? «እዚህ ሰው አለ፤ ቅረብ» ማለቱ ነው? «አይሃለሁና ራቅ» ማለቱ ነው? ወይስ «ቤቴን እዩልኝ» ማለቱ? አምፖሉ አንድ ነው፤ ሦስቱ ንግግሮች ግን የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃሉ።

አምፖልም ፋኖስም ሳይኖር በፊት የደጃፍ መብራት እሳት ነበርና ከእሳት እንጀምር። ቁርኣን ስለ ነቢዩ ሙሳ (ዐ.ሰ.) ሲተርክ፣ ከቤተሰባቸው ጋር ሲጓዙ ከሩቅ እሳት እንዳዩና ቤተሰባቸውን እዚያው እንዲቆዩ ነግረው ወደ እሳቱ እንዳመሩ ይገልጽልናል (ጣሃ፡ 10፤ አል-ቀሶስ፡ 29)። ተስፋ ያደረጉት ሁለት ነገር ነበር። አንድም ቤተሰባቸው የሚሞቀው ፍም ይዘው ሊመለሱ፣ አንድም መንገድ የሚያመለክታቸው ሊያገኙ ነው። ያ እሳት ከጠበቁት ሁሉ እጅግ የላቀ ነገር ሆኖ መገኘቱን ሁላችንም የምናውቀው ነው። እኔ ግን ከዚያ በፊት ባለችው ቅጽበት ላይ መቆም እወዳለሁ። በጨለማ የሚጓዝ ሰው ብርሃን ሲያይ የመጀመሪያ ሐሳቡ «እዚያ ሰው አለ፤ ይረዳኛል» የሚል ነው። መንገደኛ ብርሃንን የሚያነበው እንደ ቃል ኪዳን ነው። የሰቀለው ሰው አስቦበትም ይሁን ሳያስብበት ቃል ገብቷል።

ዐረቦችም ከእስልምና በፊት በነበረው ዘመን፣ በበረሃ የመሸበት መንገደኛ አይቶ እንዲመጣ በሌሊት እሳት የማንደድ ልማድ ነበራቸው። «ናሩል ቂራ» ይሉታል፤ የመስተንግዶ እሳት ማለት ነው። በዚህ ከታወቁት ሁሉ ስሙ የገነነው የጠይእ ጎሳ ሰው የሆነው ሓቲም ሲሆን፣ ልጁ ዐዲይ ኢብኑ ሓቲም (ረ.ዐ.) ሰልሞ ከሶሓቦች አንዱ ለመሆን በቅቷል። ይኸው ዐዲይ የአባቱን መልካም ሥራ አንስቶ ነቢዩን (ሰ.ዐ.ወ.) ሲጠይቃቸው፣ አባቱ የፈለገው አንድ ነገር እንደነበረና የፈለገውንም እንዳገኘ እንደነገሩት ኢማም አሕመድ ዘግበዋል። ያ ነገር ዝና መሆኑ ተብራርቷል። በእርግጥም አግኝቶታል፤ እነሆ ከ1400 ዓመታት በኋላ እኛም በአማርኛ ስሙን እየጠራን ነው።

እዚህ ላይ ልብ ብላችሁ ተመልከቱ። በሓቲም እሳት የዳነው መንገደኛ በእውነት ድኗል። በልቷል፣ ሞቋል፣ ሲነጋም መንገዱን ቀጥሏል። የሓቲም ኒይያ ዝና መሆኑ ከእንግዳው ገበታ ላይ አንዲት ጉርሻ አልቀነሰም። ታዲያ «ዋናው ሰው መጠቀሙ ነው፤ ኒይያ ምን ያደርጋል?» የሚል ሰው ቢመጣ ምን እንመልስለታለን? ጥያቄውን በተለይ ወጣቶች ያዘወትሩታል፤ የሚናቅም አይደለም። እኔ የምመልሰው እንዲህ ብዬ ነው፦ ለመንገደኛው ዛሬ ማታ ልዩነት የለውም፤ ልዩነቱ የሚመጣው ነገ ማታ ነው። ለዝና የሚነድ እሳት ዝና በማያስገኝበት ሌሊት፣ አልፎ ሄዶ በማያወራ ሰው ፊት፣ እስከ መቼ ይነዳል? ይዩልኝ ተብሎ የበራ መብራት ተመልካች ሲጠፋ ይጠፋል። ኒይያ የመብራቱ ዘይት ነው ብል ያጋነንኩ አይመስለኝም። ዛሬ የሚታየውን ብርሃን ባይለውጠው እንኳ ዕድሜውን የሚወስነው እርሱ ነው። በአኺራ ያለው ልዩነትማ ከዚህ ሁሉ ይበልጣል።

የደጃፍ መብራት ግን ከሌላው በጎ ሥራ የሚለይበት ችግር አለው። ሶደቃን መደበቅ ይቻላል። አላህ (ሱ.ወ.) በአል-በቀራህ ምዕራፍ 271ኛው አንቀጽ፣ ሶደቃን በግልጽ መስጠት መልካም መሆኑን፣ ለድሆች ደብቆ መስጠት ግን የተሻለ መሆኑን አስተምሮናል። ብርሃንን ግን እንዴት አድርገው ይደብቁታል? በ505 ዓመተ ሂጅራ የሞቱት ኢማም አል-ገዛሊ «ሚሽካቱል አንዋር» በተሰኘው ኪታባቸው፣ ብርሃን ራሱም የሚታይ ሌላውንም የሚያሳይ መሆኑን ያብራራሉ። ራሱ ሳይታይ ሌላውን የሚያሳይ መብራት የለም። በመሆኑም ከደጁ መብራት የሚሰቅል ሰው ከይዩልኝ ፈተና ፈጽሞ አያመልጥም፤ ሥራው በተፈጥሮው የአደባባይ ነው። እንግዲህ ሥራውን መሰወር ካልተቻለ የሚቀረው ሠሪው ራሱን መሰወሩ ነው።

ይህም የሚቻል ነው። ለዚህ መብራቱ ወዴት እንደዞረ ማየት ይበቃል። አንዳንዱ ቤት የበሩን እብነ በረድና የብረቱን ጌጥ በሦስትና በአራት መብራት ያደምቃል፤ ከበሩ ጥቂት እርምጃ ራቅ ብሎ ያለው ክዳኑ የጠፋ የፍሳሽ ጉድጓድ ግን በድቅድቅ ጨለማ ተውጧል። ሌላው ቤት ደግሞ የቆርቆሮ አጥሩ ዝጓል፣ አምፖሉም በሽቦ ጫፍ ተንጠልጥሏል። ነገር ግን ጉድጓዱን ያሳያል። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ከኢማን ቅርንጫፎች ሁሉ ዝቅተኛው አስቸጋሪ ነገርን ከመንገድ ላይ ማስወገድ መሆኑን እንደተናገሩ ኢማም ሙስሊም ዘግበዋል። ጉድጓዱን መድፈን የማይችል ሰው ጉድጓዱን ማሳየት አይሳነውም።

አንድ ጊዜ ይህንኑ ሳስተምር ከደረሶቼ አንዱ እጁን አወጣና «ኡስታዝ፣ በጨለማ ወደ መስጊድ ለሚሄዱ ሰዎች በቂያማ ዕለት ሙሉ ብርሃን እንደሚሰጣቸው አቡ ዳውድና ቲርሚዚ በዘገቡት ሐዲስ ተምረን የለም ወይ? መንገዱን ብናበራላቸው አጅራቸውን አንቀንስባቸውም?» አለኝ። ክፍሉ በሳቅ ተሞላ። ብስራቱ ለመሄዳቸው እንጂ ለመደናቀፋቸው አይደለም ብዬ መለስኩለት። ልጁ ግን ዋዛ ብቻ አልነበረም። በ2011 ዓ.ም. የግንቦት ወር፣ በ1440ው ረመዷን፣ ኤሌክትሪክ በፈረቃ መሆኑ ይታወሳል። ተራው የደረሰው ሰፈር ጨለማ ሲሆን ከተራዊሕ የሚመለሱ አረጋውያን ግድግዳ እየዳሰሱ ነበር የሚሄዱት። አብዛኛው ሰው ያማረረው ማቀዝቀዣውና ምጣዱ በመቆሙ ነው። የደጃፉ አምፖል መጥፋቱን ግን ባለቤቱ ከመንገደኛው ቀድሞ አያውቀውም፤ እርሱ ያለው በውስጥ ነውና።

ከሁሉ የሚከብደው ደግሞ በመብራታችን ከሚያልፉት መካከል የተቀየምነው ሰው መኖሩ ነው። በአንድ በማውቀው ሰፈር ሁለት ጎረቤታሞች በአጥር ወሰን ተጣሉ። የአንደኛው ቤት መንገዱ ከሚታጠፍበት ላይ ነው፤ ለዓመታት ሲበራ የኖረው የደጃፉ መብራት ከጠቡ በኋላ ጠፋ። ሲጠየቅም «መብራቱ የኔ፣ ቆጣሪውም የኔ፤ ማን ያስገድደኛል?» ሲል መለሰ። በሕግ በኩል ከሄድን ልክ ነው፤ አስገዳጅ የለበትም። ይሁንና በዚያ መታጠፊያ የሚያልፈው ባላጋራው ብቻ አልነበረም። ሌሊት ጋግራ ጎህ ሳይቀድ እንጀራ ለምግብ ቤት የምታደርስ እናት ታልፍበታለች፤ ለሱብሒ የሚወጡ አባቶች ያልፉበታል። መብራት ሰው መርጦ አያበራም። ጨለማም እንዲሁ ነው፤ በአንድ ሰው ላይ ለማጨለም የግድ በሁሉም ላይ ማጨለም ያስፈልጋል። ቂማችን ስንት የማናውቀውን ሰው እንደሚነካ እንዲህ ባለው ቦታ ቁልጭ ብሎ ይታያል። በሽምግልና የተቀመጡት አንድ አዛውንት «አጥሩ ይለካል፤ መብራቱ ግን ከጠባችሁ ይውጣ» አሉ። በዚያው ሳምንት በራ። ስለ አጥሩ እስካሁን አልተስማሙም።

ሌባን ለመከላከል ብሎ ማብራትስ? ይህ የሚያስወቅስ አይደለም። ንብረትን መጠበቅ በሸሪዓችን የተፈቀደና የሚገባ ነው፤ ለራሱ ጥበቃ ያበራ ሰው መንገደኛውንም አብሮ ካሰበ አንዱ ኒይያ ሌላውን አያባርርም።

ይልቅስ ብርሃን ሁሉ መልካም ነው ብሎ የሚያስብ ሰው ረጋ ሊል ይገባዋል። በአሁኑ ጊዜ በአንዳንድ ግቢ ላይ የሚሰቀለው ፓውዛ መንገዱን አልፎ በጎረቤት መስኮት ይገባል። መጋረጃውን ዘልቆ የተኛ ሕፃን ይቀሰቅሳል፤ ሌሊት ለውዱእ ወደ ግቢ የምትወጣ ሴትን ለመንገድ ዓይን ያጋልጣል። ቡኻሪና ሙስሊም በዘገቡት ሐዲስ፣ ሰው ቤት ከመግባት በፊት ፈቃድ መጠየቅ የተደነገገው በዓይን ምክንያት መሆኑ ተገልጿል። በዓይናችን ሳናስፈቅድ መግባት ካልተፈቀደልን፣ የሌላውን ዓይን የሚያስገባ መብራት እንዴት ሊፈቀድ ይችላል? ጎረቤቱን ራቁት እያደረገ «ሰፈሩን አበራሁ» የሚል ሰው ሥራውን በጠዋት ሳይሆን በሌሊት፣ ከጎረቤቱ መስኮት በኩል ሆኖ ቢያየው ይሻለዋል።

ሐዲስ ያነበበ አንባቢ ሌላ ነገር ሊያነሳ ይችላል፦ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ስትተኙ መብራታችሁን አጥፉ ብለው አላዘዙም ወይ? አዎን፣ በሶሒሕ ሐዲስ ተዘግቧል። ምክንያቱም አብሮ ተነግሯል፤ አይጥ ክሩን ጎትታ ቤቱን በሰዎቹ ላይ እንዳታቃጥል ነው። ኢማም አን-ነወዊ ይህን ሲያብራሩ፣ እሳት የማያስፈራበት የተሰቀለ መብራት ከሆነ ምክንያቱ ስለማይኖር የሚከለክል እንደማይመስል ጠቁመዋል። ስለዚህ የዘመናችን አምፖል በዚያ በኩል አይከለከልም። የሚቀረው የኢስራፍ ጉዳይ ነው። የድሮው ባለ 60 ዋት አምፖል በሌሊት 10 ሰዓት ቢበራ በወር 18 ኪሎዋት ሰዓት ይበላል፤ አሁን ያለው ባለ 9 ዋት ኤልኢዲ ደግሞ ለዚያው ጊዜ 2.7 ኪሎዋት ሰዓት ብቻ። እንግዲህ መንገዱን ለማሳየት ትንሹ የሚበቃ ሆኖ ሳለ ትልቁን መስቀል፣ ወይም ፀሐይ ወጥታ እስከ ረፋድ እንደበራ መተው ብክነት ነው።

አንድ የቀረ ነገር አለ፤ እርሱም በጋራ ቆጣሪ ላይ ያለ መብራት ነው። በከተሞቻችን አከራይና አራት አምስት ተከራይ በአንድ ቆጣሪ የሚኖሩበት ግቢ ብዙ ነው። በወሩ መጨረሻ ሒሳቡ ለሁሉም ይከፋፈላል፤ የደጃፉ መብራትም አብሮ። በዚህ ጊዜ መንገደኛው የሚመርቀው አከራዩን ነው፤ የሚከፍሉት ግን ተከራዮቹ ናቸው። ምናልባትም ከመካከላቸው አንዷ የራሷን ክፍል መብራት ለመቆጠብ በጊዜ አጥፍታ የምትተኛ ናት። ኸሊፋው ዑመር ኢብኑ ዐብዱል ዐዚዝ፣ ወሬው ከመንግሥት ጉዳይ ወደ ግል ጉዳያቸው ሲዞር በበይተል ማል ገንዘብ የሚበራውን መብራት አጥፍተው የራሳቸውን ያበሩ እንደነበር ይተረካል። እኛ ዘንድ የሚታየው ብዙ ጊዜ ተቃራኒው ነው፤ የራስ ስም በሌላ ሰው ዘይት ይበራል።

አከራይ የሆናችሁ ወንድሞችና እህቶች፣ ተከራዮቻችሁን አንድ ቀን ሰብስባችሁ «ይህ የውጭ መብራት በሁላችን ሒሳብ እንዲበራ ትፈቅዳላችሁ?» ብላችሁ ጠይቁ። ከፈቀዱ አጅሩ የሁላችሁም ነው፤ ያቺ በጊዜ የምትተኛዋ ተከራይም ባለ ድርሻ ናት። ፊታቸው ላይ ቅሬታ ካያችሁ ደግሞ ከሒሳቡ ላይ 2.7 ኪሎዋት ሰዓቷን አስቀድማችሁ ወደ ራሳችሁ አዙሩና ቀሪውን አካፍሉ። አንድ ብጣሽ ወረቀትና እርሳስ ይበቃል።